እንዲለምነኝ ስጠብቅ

ከማድረቂያ ማሽን የወጣ ትኩስ ልብስ በሸተተኝ ቁጥር ዛሬም ፊቴ ይግላል። ያኔ ገና ጎረምሳ ነበርኩ፤ አሜሪካ ውስጥ፣ ግሮቭፖርት በሚባል ቦታ ዕቃ መጋዘን ውስጥ እየሠራሁ፣ እዚያው አቅራቢያ ዋይትሆል ከእናቴ ጋር እኖር ነበር። ከእኛ በላይ ካለው አፓርታማ የአባቴ እኩያ የሚሆን ኢራናዊ ይኖር ነበር። በአገሩ ሳለ ፊልሞቹን ራሱ ይጽፍ፣ ራሱ ያዘጋጅ፣ ራሱም ይተውንባቸው ነበር። እዚህ ግን ሳምንቱን ታክሲ ሲነዳ ይከርምና እሑድ እሑድ ይቀርጻል። እኔ መብራት እይዝለት ነበር። መብራቱ ሰበብ ነው፤ ልቤ ያለው ካሜራው ፊት ነበር።

አንድ እሑድ የሕንጻው ልብስ ማጠቢያ ክፍል ውስጥ፣ ማሽኖቹ እያጓሩ፣ «ይህን ወጣት ገጸ ባሕርይ የጻፍኩት አንተን እያሰብኩ ነው፤ ትጫወተዋለህ?» አለኝ።

ደስታ ሊያፍነኝ ደረሰ። አፌ ግን ቤት የተማረውን ተናገረ፤ «ኧረ እኔ አልችልም፣ ሌላ ሰው ይሻላል።» ይገባሃል መቼም፤ በእኛ ቤት ገና ሲጠየቅ ዘሎ እሺ የሚል ስግብግብ ነው። እንዲለምነኝ ጠበቅሁ።

«ኦኬ፣ ችግር የለም» አለ። እዚያው ቆሞ ወጣቱን ሽማግሌ አደረገውና ራሱ ተጫወተው። መብራቱን ይዤ የእኔን ንግግር ከእሱ አፍ ሰማሁት። እንዲያ አፍሬ አላውቅም።

ሰንበት ብሎ እናቴ «ኮል አድርግለትና ምሳ ይምጣ» አለችኝ። መጣ። «ጋሼ፣ በሞቴ ይብሉ!» ስትለው እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ ጠግቤያለሁ አለ። ደግማ ለመነችው፣ እምቢ አለ። ሦስተኛ ስትለምነው አማርኛው ባይገባውም ልመናው ገባውና ፈገግ ብሎ ቆረሰ። «በእኛም አገር ወጉ ይኸው ነው» አለኝ።

ወዲያው የጎረሰውን ማላመጥ አቆመ።

«ያን ቀን... ፈልገህ ነበር?»

አንገቴን ደፋሁ።

«እኔ እኮ አሜሪካዊ መስለኸኝ ነው» አለ፤ እሱም አፈረ። እናቴ ግራ ገብቷት «ምን አደረግኸው?» ስትለኝ «ምንም» አልኳት። የሚቀጥለውን ፊልም ለእኔ እንደሚጽፍ ቃል ገባልኝ። ልቡን ያመው ነበር፤ ክረምቱ ሳይወጣ አረፈ።

የቀብሩ ዕለት ሴት ልጁ ወደ እኔ መጣች። «አባቴ ስለ አንድ ኢትዮጵያዊ ልጅ እየጻፈ ነበር። አንተ ነህ እንዴ?»

«አይ፣ እኔ አልሆንም» አልኳት፤ ደግማ እንድትጠይቀኝ እየጠበቅሁ።

እዚህ ተወልዳ ያደገች ናት። አመስግናኝ ሄደች።