ቋጣሪ የተባለው ኮከቤ

ኮከብ ቆጣሪዎች ሁሉ የሚያውቁት አሥራ ሁለቱን ኮከቦች ነው። የአንኮበራችን ደብተራ ግን ከአሥራ ሁለቱ በላይ ሌላ ወገን አለ ይል ነበር። ቋጣሪዎች ይላቸዋል። እንደ ሌሎቹ ሀብትና ድህነት አያድሉም፤ ሥራቸው ጊዜንና መንገድን እንደ ክር መቋጠር ነው። በእነሱ የተወለደ ሰው ባለበት ቤት ቀን አይገፋም፤ ወደ እሱ የሚመጣ መንገደኛም መንገዱ ይረዝምበታል። አንድ ነጋዴ ከአልዩ አምባ ገበያ ጠዋት ተነሥቶ ወደ ቋጣሪ ቤት ሲወጣ፣ በደረሰበት ሰዓት ጢሙ ሸብቶ ነበር፤ አህያውን ግን ገና ላብ እንኳ አልነካውም እያለ ደብተራው ያወራ ነበር። ሰው ይስቅና ያምናል።

እኔ ቋጣሪ ነኝ ተባልኩ። በሕፃንነቴ እያለቃቀስኩ አላስተኛ ስል፣ ኮከቧ ይታይ ተብሎ ታላቅ እህቴ ወደ ደብተራው ተላከች። ኮከብ የሚቆጠረው በባለቤቱና በእናቱ የክርስትና ስም ነውና እኔ መሄድ አላስፈለገኝም። እህቴ ይዛ የተመለሰችው ወሬ ከእኔ ጋር አደገ። ዝናብ ሲዘገይ፣ ሊጥ አልቦካ ሲል ዓይን ሁሉ ወደ እኔ ይዞራል። «እስቲ ልጅቱን ወደ ውጭ አውጧት፣ ሊጡ ይቦካ እንደሆነ!» ይሉ ነበር ጎረቤቶቻችን።

ለአቅመ ሔዋን ስደርስ ከደብረ ብርሃን ሽማግሌ መጣልኝ። ልጁ መምህር ነበር። ወድጄዋለሁ፤ ከዚህ በላይ ስለ እሱ አልጽፍም። ሽማግሌዎቹ የተቀጠሩት ለቀትር ነው። ክረምቱ አልወጣም ነበርና ጉሙ መንገዱን ዋጠው፤ መኪናቸውም ጭቃ ውስጥ ተቀረቀረ። የደረሱት ለዓይን ሲይዝ፣ እስከ ጉልበታቸው ጭቃ ሆነው ነው። ደብተራው ከአባቴ ጎን ተቀምጧል።

«ምነው ዘገያችሁ?» አላቸው።

«ኧረ ተወን፣ መንገዱ አላልቅ ብሎን!» አሉ የሽማግሌዎቹ ታላቅ፣ የዋህ ሰው ናቸው።

«አላልኩም?» አለና ወደ አባቴ ዞረ።

ሽማግሌዎቹ ነገሩን ሲሰሙ የቀረበላቸውን ጠላ ሳይቀምሱ ተነሡ። መምህሩ ሌላ አገባ።

እህቴ በዚያው ዓመት ተድራ ደብረ ብርሃን ገባች። አባታችንና ያሳደገችን አክስታችን ለእኔ ቀሩ። እናታችን የሞተችው እኔን ስትወልድ ነው። እናቷን በልታ ተወለደች እንዳልባል አክስቴን እማዬ እያልኩ አደግሁ፤ እውነቱን የሰማሁት ትልቅ ሰው ከሆንኩ በኋላ ነው። ሁለቱንም አስታምሜ ቀበርኩ። እህቴ ለበዓል ዶሮ ይዛ ትመጣና፣ «ያንቺ ኮከብ እኮ ቤት የሚያጸና ነው፤ ባትኖሪ ይህ ቤት ምን ይሆን ነበር!» ትለኛለች። እንደ ምርቃት እሰማት ነበር።

አሁን እኔም ደብረ ብርሃን ነኝ፣ ብቻዬን ቤት ተከራይቼ። ባለፈው እህቴ በሬን አንኳኳች። ልጇ አንድ የፋብሪካ ሠራተኛ፣ የጣርማ በር ልጅ ልታገባ ነበር። የልጁ አባት አክስቷ ቋጣሪ መሆኗን ሰምተው፣ ይህ ነገር በሴት ወገን ይወርዳል ብለው ጋብቻውን አቁመውታል።

«እታለም፣ ነይና ንገሪያቸው» አለችኝ።

«ምን ብዬ?»

«ያ ቆጠራ ስሕተት ነበር ብለሽ።»

«ስሕተት መሆኑን በምን አውቄ?»

የነጠላዋን ጫፍ ትጠቀልል ጀመር። «ደብተራው የእናቷ ስም ማን ነው ሲለኝ የአክስታችንን ሰጠሁት። ለጠየቀሽ ሁሉ እናቷ እሷ ናት በይ ተብዬ ነበር። ልጅ ነበርኩ!»

«ሽማግሌ የመጣልኝ ዕለትስ? ያኔም ልጅ ነበርሽ?»

ዝም ብትል ይሻል ነበር። «የእኔ ሠርግ ቀኑ ተቆርጦ ነበር። አባባን ማን ይይዘው ነበር?» አለች።

ዕድሜዬን ሙሉ የረገምኩት ሰማይን ነው። በሩን ልዘጋባት ፈልጌ ነበር። ልጇ ግን ምን አደረገችኝ? በሃያ ምናምን ዓመቷ እንደ እኔ ቤት ልትጠብቅ?

«እመጣለሁ» አልኳት። «የምትናገሪው ግን አንቺ ነሽ። እኔ አጠገብሽ እቀመጣለሁ።»

«በሰው ፊት?»

«እኔንስ ቋጣሪ ያሉኝ በጓዳ ነው?»

በእሷው ሳሎን ተቀመጥን። የልጁ አባት ጋቢያቸውን እንደተከናነቡ ሰሟት። ስለ ስሙ ተናግራ ልታበቃ ስትል ዞሬ አየኋት፤ ሽማግሌዎቹ ስለተመለሱበት ቀንም ተናገረች። ልጇ ጓዳው በር ላይ ቆማ ነበር። እናቷን እንደ እንግዳ ሰው አየቻት።

«እንዲህ ከሆነ የሚወርድ ነገር የለም» አሉ ሰውዬው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረው፣ «ታዲያ እርስዎ በወለደችዎ እናት ስም ይቆጠርልዎ እንጂ! ደህና አዋቂ አለኝ። የክርስትና ስሟን ብቻ ይንገሩኝ» አሉኝ።

ደግ ሰው ናቸው፤ ጉዳት አላሰቡም። እህቴ ፊቷ በራ። ጥሩ ኮከብ ቢወጣልኝ ዕዳዋ የሚቀልላት መሰላት መሰለኝ። ስሙን ልትጠራ አፏን ስትከፍት ክንዷን ያዝኳት።

«ይቅርብኝ» አልኳቸው።

የሠርጉ ቀን እዚያው ተቆረጠ። እህቴ እስከ ውጭ በር ሸኘችኝና፣ «ይቅር በይኝ» አለች።

«እንግዶችሽ ብቻቸውን ናቸው፣ ግቢ» አልኳት።