በስተቀኛችሁ የምታዩት በር

ቂመኛ ሰው ብዙ ዓይነት ነው። ሰላምታ የሚነፍግ አለ። በሆዱ ይዞ በጥርሱ የሚስቅ አለ። «ለፈጣሪ ሰጥቻታለሁ» ብሎ ሲያበቃ፣ ፈጣሪን እንደ ቀጠረው ጠበቃ «የት ደረሰልኝ?» እያለ በየቀኑ የሚጨቀጭቅም አለ። ቂሙን በትልቅ አውቶቡስ፣ አርባ ሰው ጭኖ፣ ማይክ ጨብጦ፣ በቀን ሁለት ጊዜ የሚያስጎበኝ ግን ከዚህች ሴት በቀር ታይቶም ተሰምቶም አይታወቅ።

ሥራዋ ከተማ ማስጎብኘት ነው። ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ከአደባባዩ ይነሳሉ። መጀመሪያ ቆርቆሮ ቀጥቃጮች ሰፈር፣ ቀጥሎ ዘጠኝ ቋንቋ የሚነገርበት የመጤዎች ሰፈር፣ ከዚያ ቤቶቹ አንዱ የሌላው ትከሻ ላይ የወጡበት የደረጃው ሰፈር፣ መጨረሻ ከአጥርና ከውሻ በቀር ምንም የማይታይበት የሀብታሞቹ ኮረብታ። ከሰዓት በኋላ ደግሞ ያንኑ እንደገና። አስጎብኚ ከመሆኗ በፊት ስድስት ዓመት የከተማ አውቶቡስ ላይ ትኬት ቆርጣለች፤ «ወደ ውስጥ ጠጋ ጠጋ በሉ!» እያለች የበሰለ ጉሮሮ ነው ያላት። አፍ ደግሞ ተሰጥቷታል። ቆርቆሮ ቀጥቃጮቹ ጋ ሲደርሱ፣ «እዚህ ሰፈር ባልና ሚስት ሲጣሉ ጎረቤት አይሰማም፤ እንዲያውም ባልየውም አይሰማም፣ ለዚህ ነው ትዳር የሚበረክተው» ስትል አውቶቡሱ በሳቅ ይናጋል። ኮረብታው ላይ፣ «እዚህ ሰላም የሚለን ውሻው ብቻ ነው፤ እሱም ተቀጥሮ ነው» ትላለች።

ከኮረብታው ወደ አደባባዩ የሚመልሰው ትልቁ አስፋልት ነበር። ከሦስት ዓመት በፊት ግን አለቃዋ ዘንድ ገብታ፣ «በባቡር ሠራተኞች ሰፈር ብናቋርጥ ከመኪና መጨናነቅ እንገላገላለን» አለችው። አለቃው በራሱ አውቶቡስ ተሳፍሮ የማያውቅ ሰው ስለሆነ «ጥሩ» አለ። የባቡር ሠራተኞች ሰፈር እንኳ የሚጎበኝ ነገር የለውም፤ ሁሉም ቤት ሁለት መስኮት፣ ሦስት ደረጃ፣ አንድ በር። ሾፌሩ ግን አንዱ በር ጋ ሲደርስ እግሩን ከነዳጅ ያነሳል። እሷም ማይኩን ከከንፈሯ ታስጠጋለች።

«በስተቀኛችሁ የምታዩት ቡናማ በር» ትላለች፣ ድምፅዋ ማር ሆኖ፣ «እናቷን ከገዛ እህቷ ደብቃ የቀበረች ሴት በር ነው። ታናሽየዋ መርዶውን የሰማችው በአራተኛው ቀን፣ መንገድ ላይ፣ ከጎረቤት ነው። ሴትዮዋ ዛሬም እዚሁ ትኖራለች። ዕድለኛ ከሆናችሁ በመስኮቱ ታዩዋታላችሁ።»

አርባ ራስ ወደ ቀኝ! «ኧረ በስመ አብ!» የሚለው፣ ከንፈሩን የሚመጠው፣ ፎቶ የሚያነሳው ብዙ ነው። መጋረጃው ውዝዋዜ ሲጀምር የአስጎብኚዋ አንጀት ቅቤ ይጠጣል።

ሴትዮዋ ታላቅ እህቷ ናት። ቤቱ እናታቸው ልብስ እየሰፉ ያሳደጓቸው ቤት ነው። ታናሽየዋ ማን እንደሆነች አውቶቡሱ ውስጥ የሚያውቀው ሾፌሩ ብቻ ነው። «ጋሼ ቀስ» ይሉታል፣ ቸኩሎ ስለማያውቅ። አንድ ቀን ምሳ ሰዓት ላይ፣ «ልጄ፣ አሁንስ አይበቃሽም?» አላት።

«የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም፣ ጋሼ» አለችው። «እዚያ ደረጃ ላይ ወጥታ፣ በሰው ፊት፣ ‹በድያታለሁ› ትበል። አንዲት ቃል! የዚያን ቀን አበቃሁ።»

«ጸሎትስ ብትሞክሪ?»

«ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት። እኔ ሳሌን መርጫለሁ። እርስዎ ብቻ ቀስ ይበሉልኝ።»

ጋሼ ቀስ ከወንድሙ ጋር ከተዘጋጉ አሥራ አንድ ዓመታቸው ነው፤ ስለዚህ ነገሩ ገባው፣ ቀስም አለላት።

በደሉ ደግሞ እንዲህ ነበር። እናታቸው ታመው አልጋ ከያዙ በኋላ አራት ዓመት ቆዩ። ታላቅየዋ ፖስታ ቤት ደብዳቤ ትለይ ነበር፤ ሥራዋን ትታ እናቷን ስታገላብጥ፣ ስታጥብ፣ ስታጎርስ ኖረች። ታናሽየዋ እሁድ እሁድ ብርቱካን ይዛ ብቅ ትላለች፤ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ የተሳፋሪዎቿን ወሬ ትቀዳለች። እናትየዋ ዓይናቸው ይበራል። «አንድ ቀን በአውቶቡስሽ ትወስጂኛለሽ?» ይላሉ። «የሚቀጥለው ሳምንት፣ እማዬ፤ ተሸክሜሽም ቢሆን!» ትላለች። ታላቅየዋ ጓዳ ሆና አንሶላ ታጥባለች። የሚቀጥለው ሳምንት አራት ዓመት ሙሉ አልመጣም።

አንድ ሐሙስ ማታ ታናሽየዋ ከሥራ ገብታ ባትሪው ያለቀ ስልኳን ስትሰካ ስምንት ያልተነሳ ጥሪ አገኘች። ደንግጣ ደወለች።

«እትዬ፣ ምነው? እማዬ ደህና ናት?»

«ተኝታለች» አለቻት ታላቅየዋ።

«ታዲያ ምን ሆነሽ ነው ይሄን ሁሉ የደወልሽው?»

«ተኝታለች አልኩሽ» ብላ ዘጋችው።

እሁድ ብርቱካኗን አንጠልጥላ ሰፈሩ ስትደርስ አንዲት ጎረቤት አቅፋ፣ «እግዜር ያጽናሽ፣ ልጄ፤ ዓርብ ቀብር ላይ ሳጣሽ ጊዜ ታማ ነው ብዬ ነበር» አለቻት። ብርቱካኑ አስፋልት ላይ ተበተነ። በሩን በቡጢ ደበደበችው። ታላቅየዋ ከፍታ፣ «ቀብሬያታለሁ» አለችና መልሳ ዘጋችው። ለምን? አንድ ቃል አልተነፈሰችም። ከዚያ ወዲያ ታናሽየዋ ያን ቤት አልረገጠችም። የቀብሩን አፈር እንኳ ያላየ ሰው ምን ያድርግ? ጥርሷን ነክሳ አለቃዋ ቢሮ ገባች፣ መንገዱንም አስቀየረች።

ሦስት ዓመት እንዲህ ሄደ። አንድ ማክሰኞ ጠዋት አውቶቡሱ በር ላይ ቆማ ትኬት ስትበሳ፣ የመጨረሻዋ ተሳፋሪ ጥቁር ካፖርት የለበሰች፣ ፀጉሯ የሸበተ ሴት ሆና ተገኘች። ቀና ብላ አየቻት፤ ክው አለች። እህቷ ናት።

«ትኬትዎን» አለቻት። እርስዎ! አንድ አልጋ ላይ አብራት ያደገችውን እህቷን!

«ይኸው» አለች ታላቅየዋ። ሄዳም ከሾፌሩ ጀርባ፣ መስኮቱ ሥር ተቀመጠች።

የአስጎብኚዋ ደም መጀመሪያ ፈላ፤ ቀጥሎ ግን እልል በቅምጤ አለች። «በእግሯ መጣችልኝ! እጄ ላይ ወደቀች! ልትለምነኝ ነው የመጣችው፤ ከመለመኗ በፊት ግን አንዴ በደንብ ትስማኝ።» የዚያን ቀን እንደተናገረችው ተናግራ አታውቅም። አርባውም ሰው ሆዱን ይዞ ይስቃል፣ አንዲቷ ብቻ አትስቅም። ቆርቆሮ ቀጥቃጮቹ ጋ ሲደርሱ የሆነው ነገር ግን ትንሽ አስደነገጣት። የባልና ሚስቱን ቀልድ ጀምራ ሳትጨርስ፣ ታላቅየዋ በመስኮቱ እያየች፣ «እንዲያውም ባልየውም አይሰማም» ብላ በከንፈሯ ቀደመቻት። ማን ነግሯት ይሆን? ጎረቤት ተሳፍሮ ሰምቶ ይሆናል ብላ አለፈችው።

የባቡር ሠራተኞች ሰፈር ገቡ። ጋሼ ቀስ በመስታወቱ አያት፤ «ተይው» የሚል አስተያየት ነው። አልተወችውም። እንዲያውም አስረዘመችው፤ የተበተነውን ብርቱካን፣ ‹ተኝታለች› የተባለውን ውሸት፣ በፊቷ የተዘጋውን በር አንድ ሳታስቀር ዘረገፈችው። ባርኔጣ ያደረገች አንዲት ወይዘሮ መታገስ አቃታት። «ይቺማ ጅብ ናት እንጂ ሰው ናት?» አለች ጮክ ብላ።

ታላቅየዋ ብድግ አለች።

«ጅቧ እኔ ነኝ» አለች።

ጋሼ ቀስ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ በድንገት ፍሬን ያዘ። ታላቅየዋ ወደ ፊት መጥታ እጇን ዘረጋች። «እሱን ነገር ስጪኝ።»

«ማይክ ለተሳፋሪ አይሰጥም።»

«ስጫት! ኧረ ስጫት!» አለ አውቶቡሱ በሙሉ። ወሬ ያስለመደቻቸው ራሷ ናት፤ ምን ታድርግ፣ ሰጠቻት። ታላቅየዋ አያያዙን አታውቅበትም፤ መጀመሪያ ጆሮ የሚበሳ ድምፅ አወጣ።

«አትክልት ሻጩ ሳይቀር ‹የአውቶቡሷ ሴትዮ› ነው የሚለኝ» አለች። «እሺ፤ ከተወራ አይቀር ሙሉውን ስሙ። ያለችው እውነት ነው። ደብቄ ቀብሬያለሁ። ሳላውቅ እንዳይመስላችሁ፣ አውቄ ነው። የሞተች ዕለት ጠዋት እናቴ፣ ‹ትንሿን ጥሪልኝ› አለችኝ። ስምንት ጊዜ ደወልኩ፣ አልተነሳም። በዘጠነኛው ተነሳ። ‹ቶሎ ነይ!› ብዬ ጮህኩ። መልስ የለም። ለካ ኪሷ ውስጥ ራሱ ነው የተነሳው። ‹ወደ ቆርቆሮ ቀጥቃጮች ሰፈር እንኳን በደህና መጣችሁ› ስትል ይሰማኛል። ልዘጋው ስል እናቴ እጄን ያዘችኝ። ‹ተይው› አለችኝ፤ ‹እየወሰደችኝ ነው።›»

አስጎብኚዋ የመቀመጫውን ብረት ጨብጣለች።

«ጆሮዋ ላይ ያዝኩላት፤ ክንዴ እስኪዝል ያዝኩላት። በባልና ሚስቱ ቀልድ ሳቀች። እኔ አራት ዓመት አንስቼ ሳስቀምጣት ጥርሷን አሳይታኝ አታውቅም፣ በዚያ ቀልድ ሳቀች! ‹ቀጥሎ የት ነው የምንሄደው?› ትለኛለች። እኔ ምን አውቄ! አንዴ እንኳ ዞር ብላ አላየችኝም። እንደዚያው እያዳመጠች ሄደች።» ወደ እህቷ ዞረች። «ሞቷን አንቺ ወሰድሽው። ኪስሽ ከተሽ፣ ሳታውቂው! እኔ ምን ቀረኝ? ቀብሯ የእኔ ብቻ ይሁን አልኩ። በድያታለሁ ወይ? አዎ፣ በድያታለሁ። ይኸው፣ በሰው ፊት።»

ማይኩን መለሰችላት። «ይክፈቱልኝ፣ ቤቴ ነው» አለችው ጋሼ ቀስን፤ ወረደች።

ሦስት ዓመት የጠበቀቻት ቃል ተነገረች፤ አስጎብኚዋ ግን መነገሯንም ልብ አላለች። ማይኩን መቀመጫው ላይ ጥላ፣ አንድ ጫማዋ ደረጃው ላይ ሲቀር ሳታነሳው፣ ተከትላ ሮጠች። ታላቅየዋ ቁልፉን በሩ ውስጥ ከታ ነበር።

«እትዬ! እትዬ፣ የት ደረስኩ?»

«ምኑን?»

«እማዬ ስትሄድ… የት ሰፈር ነበርኩ? ምን እያልኩ ነበር?» የእህቷን ካፖርት ያዘች። «እባክሽ፣ ምን ስል ነው የሄደችው?»

ታላቅየዋ ዞራ አየቻት። አርባ ሰው በመስኮት አንገቱን አስግጎ ያያቸዋል። እሷ ግን ለመጀመሪያ ጊዜ ከሰው ዓይን አልሸሸችም፤ ቀና ብላ፣ ዘና ብላ ቆመች።

«ሰፈሩንም አውቀዋለሁ» አለች። «ቃሉንም አውቀዋለሁ። ዛሬ ጠዋት እዚያ ስንደርስ ደግመሽዋል፤ እንዳለ ነው፣ አልቀየርሽውም።»

«እና?»

«አልነግርሽም» አለችና በሩን ዘጋችው።

ጋሼ ቀስ ወርዶ ጫማዋን አነሳላት፤ ደግፎም መለሳት። ባለ ባርኔጣዋ ወይዘሮ ቦታዋን ለቀቀችላት።

አውቶቡሱ አሁን የሚመለሰው በትልቁ አስፋልት ነው። እሁድ እሁድ ታናሽየዋ ብርቱካን ይዛ ቡናማውን በር ታንኳኳለች። «ማነው?» ትላለች ታላቅየዋ ከውስጥ፤ ማን እንደሆነች ስትሰማ ድምፅዋ ይጠፋል። ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ደግሞ አስጎብኚዋ ማይኩን ትጨብጣለች። ተሳፋሪ ቢያንቀላፋም፣ ዝናብ መስኮቱን ቢሸፍነውም፣ አለቃዋ «አሳጥሪው» ቢላትም፣ ከንግግሯ አንዲት ቃል አትዘልም፤ የትኛዋ እንደሆነች አታውቅማ።