አንድ ክንድ ፊልም

መቱ ላይ ያሰሩኝ ቀን ክፍሉ ውስጥ መጀመሪያ የፈለግሁት መኝታ ሳይሆን መስኮት ነበር። የሥራ አመል ነው፤ ፊልም ለቃሚ ብርሃን ካላየ ልቡ አይረጋም። መስኮት አልነበረም። በበሩ ሳንቃ ላይ ጣት የምታህል ስንጥቅ ነበረች፤ ከሥሯ ጋቢ የለበሱ ሽማግሌ ተቀምጠዋል።

«ምን ሰርቀህ ነው?» አሉኝ።

«ኧረ አልሰረቅሁም፣ ጋሼ።»

«እኔም አልሰረቅሁም» ብለው ሳቁ። የያዮ ሰው ናቸው፤ የመሬት አቤቱታ ይዘው አዲስ አበባ ድረስ በመሄዳቸው ነው የታሰሩት።

እኔን ያሳሰረኝ የገዛ ጉራዬ ነው። ለበዓል ለሚሠራ ፊልም የድሮ ፊልም እንድሰበስብ ተልኬ በኢሉባቦር ከተሞች ቤት ለቤት እዞር ነበር። ጎሬ ላይ አንዲት እትዬ ከጣሊያን ጦርነት በፊት የተነሳ አንድ ጥቅል ሰጡኝ። ከዚያው ጥቅል ቆርጠው የማር ማሰሮ አፍ ያሰሩበትንም ቁራጭ ፈትተው ጨመሩልኝ፤ እሱን ካልሲዬ ውስጥ ከተትኩት። ከዚያ ምን አደረግሁ? መቱ ገብቼ፣ አንሶላ ወጥሬ፣ ሹማምንቱን «ኑ እዩልኝ» ብዬ ጠራሁ! ፊልሙ ውስጥ በበቅሎ የተቀመጠው ትልቅ ሰው ለካ ስሙ እንዳይነሳ የተከለከለ ኖሯል።

ከተጠሩት አንዱ፣ የፖሊሱ ሻምበል፣ ጥቅሉን ግቢው ውስጥ አቃጠለው። «ማን ሰጠህ?»

«ገበያ ገዛሁት።»

«እንግዲያው እስክታስታውስ ተቀመጥ።»

ሽማግሌው ቁራጩን ከካልሲዬ ሳወጣ አዩኝ። ተቀብለው ወደ ስንጥቋ አስጠጉት። ፊታቸውን አስጠግተው ተመለከቱት።

«ኦቦሌሳ ኮ» አሉ በመጨረሻ። «ወንድሜ ነው።»

ባለበቅሎውን ጌታ ማለታቸው አይደለም፤ ልጓም የያዘውን ሰውዬ ነው። ጌታውን ተከትሎ ዘመተ፤ አልተመለሰም፤ መቃብርም ፎቶም የለው። እኔ ሊቁ ጥቅሉን ሁለት ጊዜ አይቼው በቅሎዋን እንጂ እሱን አላየሁትም!

ቁራጩን በጣታቸው ቀስ እያሉ ሳቡት። የወንድማቸው እጅ ወገቡ ላይ ነበረ፤ ደረቱ ጋ ደረሰ፤ ግንባሩ ጋ። ሰላምታ ነበር።

«ይሄ ሁሉ ስንት ጊዜ ይሆናል?»

«አንድ ክንድ ፊልም አንድ ሰከንድ ነው፣ ጋሼ። ዓይንዎን ከጨፈኑ ያመልጥዎታል።»

«እንግዲያው አልጨፍንም።»

ያችን አንድ ሰከንድ ብርሃኑ ከስንጥቋ እስኪሄድ ድረስ አዩዋት። ከዚያ ተነሡ፤ ጋቢያቸውን አስተካክለው እንግዳ እንደገባ ሰው ዝቅ ብለው እጅ ነሡ። እኔም ተነሣሁ። ማንም ተነሥ አላለኝም።

በሦስተኛው ቀን መሥሪያ ቤቴ ቴሌግራም ልኮ ሊፈቱኝ ሲሉ፣ ሽማግሌው ቁራጩን ዘረጉልኝ።

«እንካ። ባዶ እጅህን ገብተህ ምን ልትል ነው?»

እውነታቸውን ነው፤ ከዚያ ሁሉ ፊልም የተረፈው እሱ ብቻ ነበር።

«የርስዎ ነው» አልኩ። በጋቢያቸው ጥለት ስፌት ውስጥ ደበቁት።

በር ላይ ሻምበሉ አስፈተሸኝ፤ ካልሲዬ ውስጥ ከሽታ በቀር ምንም አልተገኘም። የእትዬንም ስም እስከዛሬ አላስታወስኩም። አዲስ አበባ አለቃዬ «ምን ይዘህ መጣህ?» ቢለኝ «ቁንጫ» አልኩት፤ ደመወዜን ቀጣኝ።

አሁን ጡረተኛ ነኝ። በቴሌቪዥን የድሮ ፊልም ሲያሳዩ ቤተሰቡ ባለበቅሎውን ያያል። እኔ ልጓም ያዡን እፈልጋለሁ። አንዳንዴ እጁን ያነሳል። ያኔ እነዚህን ጉልበቶቼን ለምኜ ከሶፋው ብድግ እላለሁ።

ልጆቼ «አባባ ሽንት ቤት ሊሄድ ነው» ብለው መንገድ ይለቁልኛል።