ተራው አይነካም

የዓይን ሐኪም ቤቱ ሠራተኞች «ወይ ፍንክች» ነው የሚሏት። ስም ከወጣ አይቀር ልክክ ያለ ነው።

ሃያ ዓመት መዝገብ ቤት አቧራ ስትቅም ኖራ፣ በአርባ አምስት ዓመቷ «የኮምፒውተር ኮድ ልማር ነው» ስትል ያልሳቀ አልነበረም። ይሳቁዋ! ተማረች። የቀዶ ጥገናውን ወረፋ ከደብተር አውጥታ ድረ ገጽ ላይ ያዋለችው እሷ ናት። ገጹ እንደ ማስታወቂያ አንዴ ተጽፎ የተለጠፈ እንዳይመስላችሁ፤ ሰው በከፈተው ቁጥር ጓዳ የተቀመጠው ሰርቨር የሚሉት ዋና ኮምፒውተር ከመዝገቡ አንብቦ እንደ አዲስ ያሰናዳዋል። ወረፋውን የነካካ ካለም ስሙ እዚያው ለሕዝብ ይወጣል። ይህችን ሕግ ራሷ ናት የጻፈቻት።

አንድ ረፋድ ዳይሬክተሩ ቢሯቸው አስጠሯት። የኮምፒውተር ጥገና ሠራተኛውም አጠገባቸው ቆሟል።

«አማቼን ከስልሳ ሦስተኛ አንደኛ አድርጊልኝ፤ የማንም ስም እንዳይወጣ። አንድ መስመር ኮድ ናት መቼም።»

«አንድ ከሆነች እርስዎ ይጻፏት።»

«እናትሽም እኮ ወረፋ ላይ ናቸው። ሁለተኛ አድርጊያቸው፣ ማን ይጠይቅሻል?»

እናቷ ሁለቱም ዓይናቸው በሞራ ተጋርዶ ግድግዳ እየዳበሱ ነው የሚሄዱት። ጉድ እኮ ነው፤ ዓይን አውጣ ታክሞ የማይድንበት ዓይን ሐኪም ቤት! አንጀቷ እያረረ «አይሞከርም!» አለች።

ዳይሬክተሩ ወደ ጥገና ሠራተኛው ዞሩ። እሱም ኮምፒውተራቸው ላይ ጎንበስ ብሎ ነካካና አማችየውን አናት ላይ ሰቀላቸው።

«ይኸው! ያላንቺ አይሆንም ያለው ማነው?»

«ይሄ የእርስዎ ስክሪን ላይ ብቻ ነው፤ ሰርቨሩ ወሬውንም አልሰማ። ገጹን ያድሱት እስቲ።»

አደሱት። አማችየው ተንከባለው ሄደው ስልሳ ሦስተኛ ላይ ዱብ አሉ። ጥገና ሠራተኛው ጣራ ጣራ ያይ ጀመር።

«በል ሰርቨሩ ውስጥ ግባና ቀይረው!» አሉት።

«ጌታዬ፣ እዚያ ከገባሁማ ስሜ ይወጣል። እኔ የለሁበትም» ብሎ ውልቅ አለ።

ዳይሬክተሩ ተንጨረጨሩ። «ከነገ ጀምሮ ወደ መዝገብ ቤትሽ!»

«ከዚያው አይደል የመጣሁት? መንገዱን አውቀዋለሁ።»

ደረቷን ነፍታ ወጣች። ቤት ገብታ እናቷ ፊት ስትቀመጥ ግን አለቀሰች። ሁሉንም ነገረቻቸው፤ ሁለተኛ መሆን ይችሉ እንደነበርም አልደበቀችም።

እናትየው ጠየቋት።

«ዛሬ ስንተኛ ነኝ?»

«አርባ አንደኛ።»

«ባለፈው ሳምንትስ?»

«ሃምሳ ሁለተኛ።»

«እየሄደ አይደል እንዴ ታዲያ! ምን ያስለቅስሻል?» አሉና እንባዋን ሊጠርጉ እጃቸውን ሰደዱ። ጉንጯን ስተው ጆሮዋን ጠረጉት።