ከከርከሮ ጋር ቦርከና መሃል

እናንተ ከርከሮ ማባረር ጨዋታ ይመስላችኋል። ውሻ ይዞ መጮህ! እስቲ ስሙኝ።

መስከረም ነው፣ ጨፋ ሜዳ ላይ በቆሎው እሸት ይዟል። አንድ ከርከሮ የሰው ማሳ እያለፈ የኔን ብቻ ያጋድመዋል። ድንበርተኛዬ ሰይድ ሳልጠራው መጥቶ እንግደልልህ አለኝ። እኔ ደግሞ ጠረጠርሁ። ቦርከና ባለፈው ክረምት መውረጃውን ቀይሮ ከሰይድ መሬት ገምሶ ወደኔ ደፍቶታል። ሽማግሌ ተቀምጦ ወንዝ የሰጠውን ሰው አይነጥቅም ብሎ ለኔ ፈረደ። ሰይድ አፉ እሺ አለ፤ ከዚያ ወዲህ ግን ሰላምታዬን በአፍንጫው ነው የሚመልሳት። ታዲያ ለኔ በቆሎ ምን አንገበገበው?

ብቻ እሺ አልሁት፤ ጧት ጦርና ውሻ ይዘን ዱካውን ተከተልን። ሸኾናው ጭቃው ላይ ቁልጭ ብሏል፣ ገና ማለፉ ነው። ዱካው ወንዙ ውስጥ ገባ። እዚያ ጋ ቦርከና ለሁለት ተከፍሎ መሃሉ ላይ ሸንበቆ የበቀለበት ጉብታ አለ። ሰይድ እኔ ገብቼ እንዳስወጣው፣ እሱ ዳር ቆሞ እንዲወጋው ወሰነ። ለምን እኔ ብለው ዋና አልችልም አለ። ወንዝ ዳር ተወልዶ!

እግሬን ስነክር ውሃው በብርድ ቆረጠኝ። የኛ ቦርከና እኮ እንዲህ አይበርድም። እኛ ጋ ፀሐይ ነው፣ ወንዙ በሚመጣበት በደሴ በኩል ግን ሰማዩ ጠቁሯል።

« ላይ በረዶ ጥሎ ይሆን እንዴ? » አልሁት።

« የጧት ብርድ ነው። ዴሚ! » አለኝ በኦሮምኛ፤ « ሂድ እንጂ! ፈራህ እንዴ? »

ፈራህ የተባለ ወንድ ምን ያደርጋል? ገባሁ።

ሸንበቆው ጋ ስደርስ ዳር የቀረው ውሻችን አላዝኖ ሸሸ። ወንዙም ድምፁን ለወጠ። ዞር ስል ውሃው ደፍርሶ አረፋና የባሕር ዛፍ ቅርንጫፍ ተሸክሞ ይመጣል። ደራሽ ጎርፍ! ጉብታው እያነሰ እያነሰ የመስገጃ ምንጣፍ አከለ፣ ከርከሮውም እዚያው ላይ ነው። ክራንቻው ጉልበቴ ሥር። ጦሬን ደገንሁ፤ ግን ብወጋው ሲፈራገጥ ይዞኝ ይገባል። ዓይኑን ከኔ አይነቅል፣ እኔም ከሱ። ወላሂ እኩል ነው የተጠራጠርነው።

ሰይድ ዳር ቆሟል። ጥምጣሙን ፈትቶ ይዟል፣ አይወረውርም። ጮህሁ። አሁንም አይወረውርም።

ውሃው ጭኔ ሲደርስ ከርከሮው ዘሎ ገባ። ከውሃው ጋር አልታገለም፣ ሰያፍ እየተወሰደ ቁልቁል ዳር ወጣ። አይቼው ጦሬን ጥዬ እንደሱው ዘለልሁ። የወጣ የገባ ሥር ሁሉ እየጨበጥሁ ዳሩ ጋ ስደርስ፣ ሰይድ ዳር ዳሩን ቁልቁል መጥቶ ኖሮ፣ ያኔ ነው ጥምጣሙ ፊቴ ላይ ያረፈው። ይዤው ወጣሁ። ከርከሮውማ በሰይድ አጠገብ አልፎ ሄዷል፣ ጦሩን እንኳ አላነሳበትም።

« ጥምጣሙ እዚያ መሃል አይደርስህማ፣ ወንድሜ፣ ለዚህ ነው የጠበቅሁህ » አለኝ።

እውነቱን ይሆናል። አላህ ያውቃል።

እናንተ ግን የቆማችሁበትን ቦታ ሰማይ አትመኑ፣ ወንዙ የሚመጣበትን እዩ። ውሃው ከበረደ ማንም ፈሪ ቢላችሁ አትግቡ። ከሰይድ ጋር ታርቀናል፣ ሠርግም ለቅሶም እንጠራራለን። መስጊድ ስንገባ ግን ከኋላው ነው የምሰግደው። ከፊቱ አልቆምም።