ሰዓት ያሰረው ጎራዴኛ

ሥርጉት ጊደር መጋላ ገበያ አጠገብ ፊልም ሚሞሪ ላይ ትጭናለች። ገበያተኛ ደግሞ ያው ገበያተኛ ነው! በርበሬ ሲገዛ «መርቂልኝ» ያለ አፍ ፊልም ሲያስጭንም ዝም አይልም። ከሶፊ ገጠር የመጣው ሁሉ «ጢም አድርጊልኝ፣ እህቴ!» ይላታል። እሷም እጇ ለጋስ ነውና ፊልሙን በኮምፒውተር ጨምቃ፣ አሳንሳ፣ በአንዲት ሚሞሪ ላይ መዓት ትጠቀጥቃለች።

ጎረቤቷ ጋሽ ወርቁ ባጃጅ ነጂ ናቸው። በጉብዝናቸው ዘመን ቪዲዮ ቤት ነበራቸው፤ ካሳዩት ሁሉ የሚወዱት አንድ የጎራዴ ፊልም ነበር። ሥርጉት የዚያን ፊልም ጥርት ያለ አዲስ ቅጂ አገኘችና ለበዓል ስጦታ ሚሞሪ ላይ ጫነችላቸው። ብቻውን ቢሆን ደግ ነበር። ግን መመረቅ አመሏ ነው፤ ሌላ ስንት ፊልም አብራ ጠቀጠቀችበት።

በበዓሉ ማግስት የጋሽ ወርቁ ባለቤት እትዬ በለጡ ፊታቸው ጠቁሮ ሱቋ መጡ።

«ልጄ፣ ጉድ ሆነናል። ሰውዬው ዓይኔ ጠፋ ብሎ ባጃጁን ሊሸጠው ነው።»

ሥርጉት ሱቁን ዘግታ በረረች። ጋሽ ወርቁ ቴሌቪዥኑ ፊት ኩርምት ብለዋል።

«የፊልሙ ሰዎች ቆመው ሲያወሩ ደህና አያቸዋለሁ» አሏት። «መፋለም ሲጀምሩ ግን ሁሉም ይደበላለቅብኛል። የሚሮጠውን ካላየሁ መንገድ ላይ ሰው ብገጭስ? በሰው ነፍስ አልቀልድም!»

ሥርጉት ወደ ቴሌቪዥኑ ዞረች። ጎራዴው ሲወነጨፍ ስዕሉ አራት ማዕዘን አራት ማዕዘን እየሆነ ተበጣጠሰ። ወይ ጉድ! ቆሞ ለሚያወራ ሰው ሚሞሪው ላይ ጠባብ ቦታ ይበቃዋል፤ የሚፋለም ግን ሰፊ ቦታ ይፈልጋል። እሷ ደግሞ ጨምቃ ጨምቃ ገድላዋለች።

«ጋሽዬ፣ ዓይንዎ ምንም አልሆነ! ፊልሙን ያበላሸሁት እኔ ነኝ። አፈር ስሆን ይጠብቁኝ!»

«ልታጽናኚኝ ነው» ብለው ፊታቸውን አዞሩ።

ሱቋ ሮጠች፤ ፊልሙን እምብዛም ሳትጨምቅ ለብቻው ጭና ተመለሰች። ፍልሚያው ተጀመረ። አቧራው ይታያል፣ ላቡ ይታያል። ጋሽ ወርቁ ድንገት ከመቀመጫቸው ዘለሉ።

«አቁሚው! ኧረ ይሄ ቀጣፊ! የጥንት ጀግና ነኝ እያለ የእጅ ሰዓት አስሯል! ያን ሁሉ ዘመን ሳሳየው አንድም ቀን አላየሁበትም!»

ሥርጉት ሆዷን ይዛ ሳቀች፤ ከደስታዋ ብዛት እንባዋ መጣ። እትዬ በለጡ ግን አፍንጫቸው ቴሌቪዥኑን ሊነካ ምንም አልቀረውም።

«የቱ ሰዓት? እኔ እጁም አይታየኝ!»

ሥርጉትና ጋሽ ወርቁ ተያዩ። በነጋታው ባጃጁ ጥሩምባውን እያንጫረረ ወጣ፤ ጋሽ ወርቁ ነጂ፣ እትዬ በለጡ ተሳፋሪ፣ መንገዱም ወደ ዓይን ሐኪም። እትዬ በለጡ እስኪደርሱ ድረስ «የተበላሸው የሱ ፊልም ነው እንጂ የኔ ዓይን ምን ሆነ!» ሲሉ ነበር።