የበረኛው በለጠ ጓንት

በስደት በምንኖርበት በሮመን ሠፈር፣ በአንድ ትምህርት ቤት ቫክትሜስተር ሆነው ሕንፃውን ሲጠብቁና ሲጠግኑ የኖሩት ባለቤቴ አቶ በለጠ፣ ባለፈው ወር በሥራ ላይ ሳሉ ልባቸው ቆሞ ከዚህ ዓለም ተለይተዋል። ለምታውቋቸው ሁሉ ይህን የምጽፈው በዝግታ ነው፤ ስልክ በጮኸ ቁጥር ብዕሬን አስቀምጣለሁና።

በወጣትነታቸው ድሬዳዋ ውስጥ የአንድ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ቡድን በረኛ ነበሩ። ከእሳቸው በፊት የነበሩት ተጫዋቾች ቀኑን ከማሽን ጋር ውለው አመሻሽ ላይ ይለማመዱ ነበር። እሳቸው ግን ለኳስ ብቻ ደመወዝ ከተቆረጠላቸው ከመጀመሪያዎቹ አንዱ ናቸው። ያ የቆየው ሁለት የውድድር ዘመን ብቻ ነው። ልምምድ ላይ ወደቁ፤ ሐኪሙ ልባቸው ደካማ መሆኑን ነገራቸው፤ በማግስቱ ጓንታቸውን አውልቀው ቀሩ። ሠፈሩ «ደመወዙ ከበደው!» እያለ ሲያሾፍባቸው፣ «ቡድኑ ሌላ በረኛ ያገኛል፤ እናቴ ግን ሌላ በለጠ የላትም» ይሉ ነበር።

እዚህም ከሥራ በኋላ ኳስ የሚፈሩ ልጆችን ሰብስበው ፍራሽ ላይ መውደቅ ያስተምሩ ነበር። «መጀመሪያ አወዳደቅ፤ መያዙ ይደርሳል።» ልጃችን ሐና ፉሩሴት ሜዳ ላይ በረኛ ሆና ስትጫወት ግን ተቀምጠው አያውቁም። ከጎሉ ኋላ ቆመው፣ መረቡን በጣቶቻቸው ጨብጠው ነበር የሚያዩት።

ከቀብሩ በኋላ የዚህ አገር ሐኪም ሕመሙ በዘር ሊተላለፍ ስለሚችል ሐና እንድትመረመር አዘዘ። ተመርምራለች፤ ውጤቱ አልመጣም። በዚህ መሃል የባለቤቴ ጓደኛ አቶ ከበደ ለቅዳሜ የመታሰቢያ ጨዋታ አዘጋጁ። ሐናም «የአባቴን ጓንት አድርጌ በረኛ እኔ ልቁም» አለች።

«ውጤቱ እስኪመጣ ተዪው፣ ልጄ።»

«ኔይ፣ አይሆንም እማዬ! የሽማግሌዎች ጨዋታ እኮ ነው። ኳሱ እኔ ጋ እስኪደርስ ውጤቱ ይመጣል።»

መሳቅ አቃተኝ። ሶፋው ላይ ስታንቀላፋ እንኳ ጠጋ ብዬ ትንፋሿን አዳምጣለሁ። ደረጃ ወጥታ ቁና ቁና ስትተነፍስ የእኔ ልብ ይቆማል።

ትናንት አቶ ከበደ ሊጠይቁን መጡ። ሐና ጓንቱን ከጓዳ አምጥታ ጭናቸው ላይ አስቀመጠችው።

«ጋሼ፣ ቡድኑ ሌላ በረኛ ያገኛል...» አለች። ቀሪውን መጨረስ አቅቷት እኔን አየችኝ።

አቶ ከበደ ጓንቱን አገላብጠው አዩት። «እንግዲያው እኔው እቆማለሁ» አሉ። «አሥር ቢገባብኝ ግን የምከሰው አባትሽን ነው።»

በለጠ ሆይ፣ በሰው ፊት አንቱ አልኩህ እንጂ በቤታችን አንተ ነበርክ። ውጤቱ ዛሬም አልመጣም። ቅዳሜ ሐና ከጎሉ ኋላ ትቆማለች፤ ያንን ቦታህን ልቀቅላት። ደህና ሁን። አሁን ያለህበትን ቦታ ግን ለብቻህ ያዘው፤ አደራ።